ከጓዳ እስከ ሐረ ሸይጣን

«ጉብኝት» የሚለው ቃል ሲነሣ በብዙዎቻችን አእምሮ ቶሎ የሚመጣው ካሜራ በአንገቱ ያንጠለጠለ የውጭ አገር ሰው ወይም ተሰልፈው ወደ ሙዚየም የሚገቡ ተማሪዎች ናቸው። ሠራተኛ እናት በዚህ ሥዕል ውስጥ የለችም። ለእርሷ ቅዳሜ ማለት የሳምንቱ ልብስ የሚታጠብበት፣ በርበሬው የሚቀነጠስበት፣ ሊጡ የሚቦካበት ቀን ነው። እሑድም ከአምልኮ መልስ ለቅሶ መድረስና ወላድ መጠየቅ አለ። እውነቱን ለመናገር ዕረፍት የምንለው ነገር ሥራ መለወጥ ብቻ ሆኖ ቆይቷል።

ስለዚህም ባለፈው ኅዳር ሆሳዕና የምትኖረው ታላቅ እህቴ ደውላ፣ «ማኅበራችን ለአንድ ቀን አገር ሊያይ ነውና አብረሽን ሂጂ» ስትለኝ ግብዣውን የተቀበልሁት በደስታም በመገረምም ነበር። ማኅበሩ የ19 ሴቶች ነው። መምህራን፣ ነርሶችና የጽሕፈት ቤት ሠራተኞች፣ እንዲሁም ገበያ ላይ ቅቤና ቡላ የሚሸጡ እናቶች ይገኙበታል። እያንዳንዳቸው በየወሩ 200 ብር እያዋጡ 10 ወር አጠራቅመዋል። በገንዘቡ ሳህን ይገዛ፣ ድንኳን ይገዛ የሚል ሐሳብ ተነሥቶ እንደነበር እህቴ አጫውታኛለች። አንዲት ነርስ ግን ተነሥታ፣ «ሳህኑን የምናጥበው እኛው ነን፤ ለአንድ ጊዜ እንኳ የማይታጠብ ነገር እንግዛ» አለች አሉ። ጉዞው የተወሰነው በዚህ ንግግር ነው።

የጉዞው ዕቅድ እንደሚከተለው ነበር። ከሆሳዕና ተነሥቶ በወራቤ በኩል ወደ ሰሜን መጓዝ፣ ሐረ ሸይጣን የተባለውን የእሳተ ገሞራ ሐይቅ ማየት፣ ቡታጅራን አልፎ የጢያን ትክል ድንጋዮች መጎብኘት፣ በመልስ ደግሞ አንድ የገጠር ቤት ገብቶ የእንሰት ሥራ ተመልክቶ ማታ ቤት መግባት። እነዚህ ሁሉ ዛሬ በማዕከላዊ ኢትዮጵያ ክልል ውስጥ ናቸው። ክልሉ በነሐሴ 2015 ዓ.ም ሲመሠረት በቀድሞ ስሟ ዋቸሞ የምትባለው ሆሳዕና መቀመጫው ሆናለች። ሆኖም ከተጓዦቹ መካከል በዚሁ መንገድ ወደ አዲስ አበባ ደጋግመው ያለፉ ቢኖሩም ከአውቶቡሱ ወርደው ሐይቁን ያዩት ሁለት ብቻ ነበሩ።

ከመነሻው በፊት ስላለፈው ሌሊት ጥቂት ልበል፤ አንባቢዎቼ እህቶች ጉዳዩን ያውቁታልና። ዓርብ ማታ በእህቴ ቤት እሳት የጠፋው ከሌሊቱ 6 ሰዓት በኋላ ነው። የቅዳሜ ምሳና እራት ተሠርቶ ተቀመጠ፤ የልጆች ልብስ ተተኮሰ፤ የትኛው ድስት ከየትኛው ጋር እንደሚበላ ለባሏ ተነገረው። ጠዋት መንገድ ላይ ስንጠያየቅ የሁሉም ቤት እንዲሁ ነበር። አንድ ቀን ለማረፍ የሁለት ቀን ሥራ አስቀድሞ መሥራት ግድ ሆነ። ባሎቹ አልከለከሉም፤ አብዛኞቹም «መልካም ጉዞ» ብለው ሸኝተዋል። ነገር ግን መፍቀድና ማገዝ የተለያዩ ነገሮች መሆናቸውን በዚያች ሌሊት በሚገባ ለማየት ችያለሁ።

ከንጋቱ 11 ሰዓት ተኩል ላይ ኮስተሯ ተንቀሳቀሰች። ከ19ኙ እናቶች ሌላ 7 ልጆች ነበሩ። አስጎብኚያችን በታሪክ ትምህርት የተመረቀ የአካባቢው ወጣት ሲሆን ሀዲይኛም፣ ስልጥኛም፣ አማርኛም ይናገራል። ጭጋጉ ሳይገለጥ በሀዲይኛ የተጀመረው ዘፈን በከምባትኛ ቀጥሎ ወራቤ ስንደርስ በአማርኛ ሆነ።

ሐረ ሸይጣን ከመንገዱ ብዙም አይርቅም። «የሰይጣን ሐይቅ» ማለት ነው። ሜዳውን ይዘው ሲሄዱ ድንገት መሬቱ ይቆረጥና ከእግር በታች ሰፊ፣ ክብ፣ ጥልቅ ጎድጓዳ ይታያል፤ ከሥሩ አረንጓዴ ውሃ ተኝቷል። አስጎብኚው እንዳስረዳን ከምድር ውስጥ የሚወጣው የቀለጠ አለት ከከርሰ ምድር ውሃ ጋር ሲገናኝ ውሃው በቅጽበት ወደ እንፋሎት ተለውጦ መሬቱን ያፈነዳዋል። የቀረው ጉድጓድ ውሃ ሲይዝ እንዲህ ያለ ሐይቅ ይሆናል። የቢሾፍቱ ሐይቆችም የተፈጠሩት በዚሁ መንገድ ነው፤ እንዲያውም ከስልጢ እስከ ቢሾፍቱ ድረስ የተዘረጋ የመሬት ስንጥቅና የእሳተ ገሞራ መስመር አለ።

በአካባቢው፣ ከአፋፉ ቆሞ ድንጋይ የሚወረውር ሰው ድንጋዩ ውሃው ላይ ሲያርፍ አያይም ይባላል። ይህን የሰሙ እናቶች ዝም ብለው ሊቆሙ አልቻሉም። ነጠላቸውን በወገባቸው አሥረው፣ በሥራ ቦታ የማይታይ ፈገግታ እያሳዩ መወርወር ጀመሩ። አንድም አልደረሰም። ከሁሉ ዕድሜ የገፉት፣ ቅቤ ነጋዴዋ እናት፣ «ይኸ ልክ እንደ ደመወዝ ነው፤ ስትወረውሪው ሩቅ የሚሄድ ይመስልሻል» ብለው አሳቁን። ወጣቱ ምክንያቱን ሲያስረዳን፣ የጉድጓዱ አፍ ሰፊ ስለሆነና ከውሃው አጠገብ ለማመዛዘኛ የሚሆን ቤት ወይም ትልቅ ዛፍ ስለሌለ ዓይን ርቀቱን አሳንሶ ይገምታል አለ።

እዚያው አፋፍ ላይ የማልረሳው ነገር ተፈጸመ። ከተጓዦቹ አንዷ እናት ታላቅ ልጇ ከሁለት ዓመት በፊት በሞያሌ አድርጎ ወደ ደቡብ አፍሪካ ሄዷል። ዛሬ እዚያ በአንድ ሱቅ ይሠራል፤ ገንዘብም ይልካል። እርሷ ግን ስልኳን ከትራስዋ ሥር ሳታደርግ እንቅልፍ አይወስዳትም። ታናሹ ልጅ 12ኛ ክፍል ጨርሶ ለዩኒቨርሲቲ የሚያበቃ ውጤት አላመጣም። እርሱም የወንድሙን መንገድ እንደሚያስብ እናቱ ታውቃለች፤ እርሱም ማወቋን ያውቃል፤ ሁለቱም ግን አይነጋገሩበትም። ለጉዞው ያመጣችው ዕቃ እንዲሸከም በሚል ምክንያት ነበር።

ልጁ ከአስጎብኚው ጎን አልጠፋም። ስለ ድንጋዩ፣ ስለ ውሃው፣ ስለ ጥልቀቱ ይጠይቃል። እናቲቱ ይህን ስትመለከት ቆይታ ጠጋ አለችና በቀጥታ፣ «ልጄ፣ በዚህ ሥራ በወር ስንት ታገኛለህ?» ስትል ጠየቀችው። ወጣቱ አላፈረም፤ አልዋሸም። «እትዬ፣ ሰው በመጣበት ወር ደህና አገኛለሁ። ሰው ባልመጣበት ወር የእናቴን ቆጮ እበላለሁ» አላት። እናቲቱ ዝም አለች። ልጁም ዝም አለ። እኔ ግን ይህን መልስ ከብዙ የስብሰባ ንግግር አስበልጬዋለሁ፤ ለሁለቱም የሚጠቅማቸው እውነቱ ነበርና።

ከሀዲያና ከከምባታ መንደሮች ብዙ ወጣቶች አገር እያቋረጡ ወደ ደቡብ እንደሚጓዙ የማያውቅ የሆሳዕና ወይም የዱራሜ ቤተሰብ የለም። መንገዱ ምን እንደሚመስልም ተሰምቷል። በመጋቢት 2012 ዓ.ም በሞዛምቢክ፣ ቴቴ በተባለው ክፍለ ሀገር የአንድ ጭነት መኪና ኮንቴይነር ሲከፈት 64 ወገኖቻችን ታፍነው ሞተው ተገኝተዋል። በጥቅምት 2015 ዓ.ም ደግሞ በሰሜን ማላዊ፣ ምዚምባ በተባለ ቦታ፣ ኢትዮጵያውያን ናቸው የተባሉ ከ25 ያላነሱ ሰዎች አስከሬን በጅምላ ተቀብሮ ተገኘ። በሌላ በኩል የደረሱት ልጆች በላኩት ገንዘብ ቤት ተሠርቷል፣ ታናናሾች ተምረዋል። ስለዚህ ወጣቱን «አትሂድ» ብሎ መቆጣት ብቻውን መልስ አይሆንም። የሐይቅ ውበት ብቻውንም ልጅን አያስቀርም። በሐይቁ ዙሪያ እንጀራ የሚሆን ሥራ ሲኖር ግን ቢያንስ ሁለት መንገድ ይታየዋል።

ከዚያ ወደ ጢያ ተጓዝን። ጢያ ከአዲስ አበባ በስተደቡብ 88 ኪሎ ሜትር ያህል ይርቃል። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1980 በዓለም ቅርስነት የተመዘገበው ይህ ሥፍራ 36 ሐውልቶች ያሉት ሲሆን 32ቱ ቅርጽ የተቀረጸባቸው ናቸው። ድንጋዮቹ በመቃብር ላይ የቆሙ ናቸው። በብዙዎቹ ላይ ሰይፍ ተቀርጿል፤ ሌሎች ደግሞ ክብና እንደ ተክል ቅርንጫፍ ያሉ ምልክቶች አሉባቸው። ሰይፎቹ ሟቹ በጦርነት የጣላቸውን ሰዎች ቁጥር ያመለክታሉ የሚሉ አሉ፤ የተክሉን ምልክት ከእንሰት ጋር የሚያያይዙም አልጠፉም።

እናቶቹ በድንጋዮቹ መካከል እየተዘዋወሩ ሰይፍ ሲቆጥሩ አንዲት መምህርት፣ «ሰይፍ የያዘው ተቆጥሮለታል። እናቶቻችን የፋቁት እንሰት ቢቀረጽ ግን ይህ ሁሉ ድንጋይ ይበቃ ነበር?» አለች። ሁላችንም ሳቅን፤ ወዲያውም ጸጥ አልን። ነገሩ ቀልድ ብቻ አልነበረምና።

ምሳችንን ቡታጅራ በልተን ወደ ሆሳዕና ስንመለስ፣ ከተማው ሊደርስ ጥቂት ሲቀረን፣ ከአንድ ሣር ክዳን ቤት ገባን። ከቤቱ ጀርባ እንሰቱ እንደ ደን ቆሟል። የቤቱ እመቤት ተቀምጠው፣ የእንሰቱን ግንድ ልጣጭ በተጋደመ ጣውላ ላይ ዘርግተው፣ አንድ እግራቸውን አንሥተው በተረከዛቸው እየያዙ በቀርከሃ መፋቂያ ይፍቁ ነበር። ሥሩ ይከተከታል፤ ከሚጨመቀው ውሃ ሥር የሚዘቅጠው ነጭ ዱቄት ቡላ ይሆናል፤ የተፋቀው ተቀብሮ ይብላላል፤ ክሩም ቃጫ ይሆናል። በሀዲያ ቤት ዋሳ የሚባለው ቆጮ፣ በያሆዴ በዓልም ቡላው በቅቤ ተሠርቶ የሚቀርበው አተካና፣ መነሻቸው ይኸው ነው። በአገራችን 20 ሚሊዮን ያህል ሰው የሚመካበት ተክል፣ ፍቂያው በአብዛኛው በሴቶች ጉልበት የሚከናወን ነው።

ከልጆቹ መካከል ቆጮ በየሳምንቱ የሚበሉ፣ መፋቂያ ግን በእጃቸው ይዘው የማያውቁ ነበሩ። እየተራ ሞከሩ። ያ ታናሽ ልጅ ጥቂት ፍቆ ወገቡን ይዞ ተነሣና፣ «ይኸን ቀኑን ሙሉ?» ሲል ጠየቀ። እመቤቲቱ፣ «ቀኑን ሙሉ፣ የእኔ ልጅ፤ ከዚያ ደግሞ ውሃ መቅዳት አለ» አሉት። የአርባ ምንጭ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች የእንሰት መፋቂያ መሣሪያ እንደ ሠሩ አስጎብኚው ሲነግራቸው፣ «ታዲያ መቼ ነው እኛ ደጅ የሚደርሰው?» አሉ። ለጥያቄያቸው መልስ የሰጠ አልነበረም። ቅርስ ብለን የምናደንቀው ሥራ የአንዲት ሴት ወገብ መሆኑን ከዚያ ጓሮ በተሻለ የሚያስተምር ቦታ አላየሁም። ቅርሱ ይጠበቅ ስንል ድካሙም አብሮ ይጠበቅ ማለታችን እንዳይሆን ልናስብበት ይገባል።

በመልሱ መንገድ እናትና ልጅ ጎን ለጎን ተቀምጠው ነበር። ምን እንደተባባሉ አልሰማሁም። ከኮስተሯ ስንወርድ ግን እናቲቱ ክንዴን ይዛ፣ «ስለ ወንድሙ መንገድ ዛሬ አንሥቶ ጠየቀኝ። ይቅር ወይም ይሂድ ገና አልቆረጠም። እኔ የምፈራው ግን ዝም እንደተባባልን አንድ ጠዋት አልጋውን ባዶ እንዳላገኘው ነበር» አለችኝ። ይህን እንድጽፍ የፈቀደችልኝ ስሟን እንዳልጠራ አስጠንቅቃ ነው።

ማኅበሩ ለሚቀጥለው ዓመት ቁጠባውን ጀምሯል። የታሰበው ዱራሜ አጠገብ ያለው፣ 3,058 ሜትር ከፍታ ያለውና በከምባታ ሕዝብ ዘንድ ከፍ ያለ ክብር የሚሰጠው የሐምበሪቾ ተራራ ነው። «ሐምበሪቾ ለማላ» የሚለው የቆየ አጠራር የሐምበሪቾ ሰባት ማለት ሲሆን ቀደምት ሰባት ጎሣዎችን ያስታውሳል። ዛሬ ወደ ጫፉ የሚያወጣው ደረጃም 777 መሆኑ ከዚሁ ቁጥር ጋር ይሄዳል። ጉልበታቸውን የሚያማቸው እናቶች ከወዲሁ ይከራከራሉ፤ ቅቤ ነጋዴዋ ግን፣ «ሰባቱን ብቻ ወጥቼ ከሥር እጠብቃችኋለሁ» ብለዋል።

እህቶቼ፣ ወጪው ከባድ አይደለም፤ ከባዱ ቀኑን ማግኘት ነው። ስለዚህ በማኅበራችሁ ወይም በመሥሪያ ቤታችሁ እንዲህ ያለ ጉዞ ስታስቡ ከገንዘቡ ጋር የጓዳውንም ሥራ አስቀድማችሁ ተከፋፈሉ። ለዚያች ቀን ምጣዱና ድስቱ ለአባወራው ይተው። ለአካባቢው አስጎብኚ ዋጋውን ሳትከራከሩ ክፈሉ፤ ያ ገንዘብ የአንድ ወጣት የወር እንጀራ ነው። ሴቶች ልጆቻችሁን ብቻ ሳይሆን ወንዶቹንም ይዛችሁ ሂዱ፤ መፋቂያውንም ያዙአቸው። በቤት ውስጥ ለመናገር የከበደ ነገር ካለም ወንበሩን ጎን ለጎን ምረጡ፤ መንገዱ ረጅም ነው።