የእናት ሐረግ

አምባሰል ውስጥ በክርስቲያኑ ዘንድ ልጅ ሊዳር ሲታሰብ፣ ሽማግሌ ከመላኩ በፊት ቤት ይቆጠራል። በእናትም በአባትም እስከ ሰባት ቤት ይወጣና ከዚያ ወዲህ ዝምድና ከተገኘ ጋብቻው ይቀራል። ወላጆቹን አንድ ብሎ ለጀመረ ሰው ሰባተኛው ላይ የ128 ሰዎች ቦታ አለ። ቆጣሪው የአባት የአባቱን ስም እንደ ዳዊት ይወጣዋል። የእናቱ እናት እናት ዘንድ ሲደርስ ግን ብዙ ጊዜ ምላሱ ይያዛል፤ ስም የሚቀጠለው በአባት ነውና።

ያንን የተረሳ መስመር ሰውነት አልረሳውም። በሕዋስ ውስጥ ምግብን ወደ ጉልበት የምትለውጠው ማይቶኮንድሪያ የራሷ አጭር ዲኤንኤ አላት፤ 16,569 ያህል ፊደል። ወንዱም ሴቷም ይህን ጽሑፍ ከእናታቸው ይወርሳሉ፤ ለልጅ የምታወርሰው ግን ሴቷ ናት።

የአምባሰል ጎረቤት ሐይቅ የብራና አገር ስለሆነ ነገሩን በቁም ጸሐፊ ሥራ ማየት ይቀላል። ጸሐፊው ሲገለብጥ አንዲት ፊደል ቢስት፣ ከእሱ ቅጂ የተቀዱት መጻሕፍት ሁሉ ያንኑ ግድፈት ይዘው ይወጣሉ። ከዘመናት በኋላ ያንን ግድፈት በሦስት ብራናዎች ላይ ያየ መርማሪ፣ የአንድ መጽሐፍ ልጆች መሆናቸውን ይረዳል። የዘረመል ተመራማሪዎችም እንዲሁ ያደርጋሉ። አንድ ዓይነት ግድፈት የሚጋሩትን ሰዎች ይሰበስቡና ስብስቡን «ሃፕሎግሩፕ» ይሉታል።

ችግሩ ስያሜው ላይ ነው። ሃፕሎግሩፖቹ የሚጠሩባቸው የላቲን ፊደላት የታደሉት በሐረጎቹ ዕድሜ ሳይሆን በጥናቱ ተራ ነው። እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ መጀመሪያ የአሜሪካ ነባር ሕዝቦች ቀድመው ስለተጠኑ ኤ፣ ቢ፣ ሲ እና ዲ ለእነሱ ደረሰ፤ ከሁሉ የሚያረጀው የአፍሪካ ግንድ ዘግይቶ ኤል ተባለ። ከኤል ቅርንጫፎች አንዱ ኤል3 ነው። ኤም እና ኤን የተወለዱት ከእሱ ነው፤ ከአፍሪካ ውጭ የተሰራጩት ጥንታዊ የእናት ሐረጎችም ከእነዚህ ከሁለቱ ይወርዳሉ። ፊደላቱ ግን እናትና ልጆችን ጎረቤት አስመስለው አስቀመጧቸው።

እ.ኤ.አ. በ2004 ቶማስ ኪቪሲልድና ባልደረቦቹ የ270 ኢትዮጵያውያንንና የ115 የመናውያንን የማይቶኮንድሪያ ጥናት አሳተሙ። ከኢትዮጵያውያኑ ግማሽ ያህሉ በኤል ሥር፣ የቀሩት በኤምና በኤን ሥር ተመደቡ። ይህን «ግማሹ አፍሪካዊ፣ ግማሹ መጤ» ብሎ የሚያነብ ሰው ክፉኛ ይሳሳታል። ፊደሉ ከ128ቱ የሚናገረው ስለ አንዲት ሴት ብቻ ነው፤ ስለ ቀሪዎቹ 127 አንዳች አይልም። በጋሞ ደጋ ሞታ ዋሻ የተገኘውና የዘረመል ውጤቱ እ.ኤ.አ. በ2015 የታተመው የ4,500 ዓመቱ ሰው የእናት ሐረጉ ኤል3ኤክስ2ኤ ነው። ኤም እና ኤን ከዚያው ከኤል3 ግንድ ስለወጡ፣ ሩቅ ቢሆኑም ዘመዶቹ ናቸው።

አማርኛ ለዚህ ሁሉ ቃል አያጣም። ሐረግ ዛፍ ላይ እየተጠማዘዘ የሚወጣው ተክል ነው፤ በብራና መጽሐፍ ራስጌ በቀለም የሚጠላለፈው ጌጥም ሐረግ ይባላል። «የእናት ሐረግ» ያለ ሰው ከአንድ ሥር መብቀልንና መቀጠልን አብሮ ይናገራል፤ ፊደሉ ይህን አይነግርም።

ሐይቅ እስጢፋኖስ፣ በ13ኛው ክፍለ ዘመን አባ ኢየሱስ ሞአ ያስተዳደሩት ገዳም፣ ሴት አይገባበትም። እናቶች ከውጭ ቆመው ይሳለማሉ። ውስጥ ያለው መነኩሴ ግን የእናቱን፣ የአያቱንና የቅድመ አያቱን ጽሑፍ በየሕዋሱ ይዞ ገብቷል። የእሱ ቅጂ እዚያው ያበቃል። የሚቀጥለውን ቅጂ እህቱ፣ ሴት ልጇን አዝላ፣ ከበሩ ውጭ ይዛው ቆማለች።