የእናትየዋ ድርሻ

በዓመቱ መጨረሻ ባቀረብነው ድራማ ላይ ነጠላ አጣፍታ ብቅ ያለችው «እማማ» እኔ ነበርኩ። ሳቃችሁን ከመድረክ ላይ ሆኜ ሰምቼዋለሁ። ቅር አላለኝም ብል ውሸት ይሆናል።

ነገሩ እንዲህ ነው። ድርሻውን የያዘችው እጩ መምህርት ታመመችና ትርዒቱ አምስት ቀን ሲቀረው ዕጣው እኔ ላይ ወደቀ። ዋናው ተዋናይ ልጅየው ነው፤ እናትየዋ የምትናገረው አሥራ አንድ ጊዜ ብቻ ነው። «ወንድ ልጅ ቀሚስ ለብሶ? አይደረግም!» አልኩ። የድራማ ክበቡን የሚመሩት መምህራችን አልተቆጡም። «ተስፋዬ ሣህሉን ታውቃቸዋለህ?» ብቻ አሉኝ።

አባባ ተስፋዬን የማያውቅ ማን አለ? አገራችን በ1957 ዓ.ም. ቴሌቪዥን ካየችበት ዘመን አንስቶ ከ40 ዓመት በላይ ለልጆች ተረት የነገሩ ሰው ናቸው። እኔ የማላውቀው ከዚያ በፊት የነበሩትን ተዋናይ ነው። በ1915 ዓ.ም. ባሌ ተወልደው፣ ከጠላት ወረራ በኋላ አዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ትያትር ሠሩ፤ ኋላም በ1948 ዓ.ም. በተከፈተው፣ ዛሬ ብሔራዊ በምንለው ትያትር ቤት። ለቃኘው ወታደሮች ትርዒት ሊያሳዩ እስከ ኮርያ ዘልቀዋል። በወጣትነታቸው ጊዜ ሴት መድረክ ላይ መውጣቷ እንደ ነውር ይቆጠር ስለነበር የሴት ድርሻ ይጫወቱ ነበር። በእንግሊዝ አገርም ቢሆን እስከ 1660 እ.ኤ.አ. ገደማ የሼክስፒርን ጁልየት የሚጫወተው ልጅ እግር ወንድ ነበር። አባባ ተስፋዬ በሐምሌ 2009 ዓ.ም. ሲያርፉ ሁላችንም ያለቀስነው ለተረት አባታችን ነው፤ ለተዋናዩ ያለቀሰ ስንቱ ይሆን?

ይህን ስሰማ አሳቤ ተቀየረ። ዛሬ ወንድ ቀሚስ የሚለብሰው ለማሳቅ ነው፤ እኔም እሺ ካልኩ እንደዚያው ላደርግ ነበር። ያኔ ግን ተመልካቹ «ሴት ናት» ብሎ ካላመነ ትያትሩ ፈረሰ ማለት ነው። ይህ እንግዲህ ቀልድ አይደለም።

ሁለት ቀን አሞራ ገደል ሄጄ ቡና የሚያፈሉትን እናቶች ሳይ ዋልኩ። ሲቀመጡ ነጠላቸውን እንዴት እንደሚሰበስቡ፣ ሲነሡ ጉልበታቸውን እንዴት እንደሚደግፉ። አንዷ «ምን ታፈጣለህ አንተ ልጅ!» ብለው ተቆጡኝ። ነገሩን ሳስረዳቸው ከልባቸው ሳቁና፣ «እናት ከሆንክማ አትቸኩል። ልጇ የቀረባት እናት በር በሩን ታያለች እንጂ አትሮጥም» አሉኝ።

የትርዒቱ ቀን ገና ስገባ አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ከኋላ «እታለም!» ያለውን ጓደኛዬን በድምፁ አውቄዋለሁ፤ ሒሳባችን ገና ነው። ሦስተኛ ስወጣ ግን፣ እውነቱን ልናገርና፣ የምናገረው ጠፋኝ። ጨርሶ ጠፋኝ! ምን ላድርግ? ነጠላዬን ሰብስቤ ቁጭ አልኩና በሩን ማየት ጀመርኩ። ቀስ በቀስ ሳቁ ቆመ። ስንት ደቂቃ እንደቆየሁ አላውቅም፤ ዝምታው ግን እስካሁን በጆሮዬ አለ።

በመጨረሻ ለልጅየው ተጨበጨበለት። ለኔ ያጨበጨበ መኖሩን እንጃ።

ለልምምድ ወደ ትምህርት ቤት በወጣሁ በሁለተኛው ሳምንት አንደኛ ክፍል ተረት ሳስተምር ያን የእናትየዋን ድምፅ አወጣሁት። የደወሉ ሰዓት ሲደርስ አንዲት ትንሽ ልጅ ኮቴን ጎተተችና፣

«ቲቸር፣ ያቺ እማማ ነገም ትመጣለች?» አለችኝ።