አሻንጉሊቷ ታማሚ እና እናቴ

አልጋው ላይ የተኛችው ታማሚ ትተነፍሳለች፣ ዓይኗን ታርገበግባለች፣ ትናገራለች። ግን ሰው አይደለችም፤ ሰው የምታክል የፕላስቲክ አሻንጉሊት ናት። ድምፅዋም ከመስተዋቱ ጀርባ የተቀመጠችው የመምህራችን ድምፅ ነው። ይህን ሁሉ እያወቅኩ እጄ ተንቀጠቀጠ።

የምኖረው አሜሪካ ነው፤ የነርሲንግ ተማሪ ነኝ። እንዲህ ያለውን ትምህርት ሲሙሌሽን ይሉታል። እውነተኛውን ሥራ ከመጀመራችን በፊት አስመስለን የምንለማመድበት ነው። ነገሩ አዲስ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1960 ኖርዌያዊው አሻንጉሊት ሠሪ አስሙንድ ላርዳል ትንፋሽ መስጠት የሚለማመዱባትን አሻንጉሊት ሠራ። በ1963 ደግሞ ሎስ አንጀለስ ውስጥ የነርቭ ሐኪሙ ሃዋርድ ባሮውስ ጤነኛ ሰው እንደ ታማሚ እንዲሆንና ተማሪዎች እንዲመረምሩት አደረገ።

የዚያን ቀን አሻንጉሊቷ «ሆዴን ያመኛል» አለችኝ። «ከዜሮ እስከ አሥር ስንት ትሰጪዋለሽ?» አልኳት። «ስምንት» አለች። ቁጥሩን ጻፍኩና ወደ ማሽኑ ዞርኩ።

ልምምዱ ሲያልቅ ክብ ሠርተን ተቀመጥን። መምህራችን አልተቆጣችም። «ሕመሙ ምን ዓይነት ነበር?» ብላ ብቻ ጠየቀችኝ። መልስ አልነበረኝም። አልጠየቅኳትማ!

ጥያቄው ወደ አሥራ አንድ ዓመቴ መለሰኝ። እማዬ ታማ ሐኪም ቤት ሄድን፤ አስተርጓሚዋ እኔ ነበርኩ። «ጎኔን ይወጋኛል፤ ከበላሁ በኋላ ደግሞ ይብሳል» አለች። እኔ «መውጋት» የሚለውን የማውቀው በመርፌ ብቻ ነበር። ግራ ገባኝና ለሐኪሙ «ያማታል» አልኩት። ስለ ምግቡ መናገርም ረሳሁ። ማስታገሻ ይዘን ተመለስን። የሐሞት ጠጠር መሆኑ የታወቀው ከወራት በኋላ ነው። እማዬ አንድም ቀን አልወቀሰችኝም። እኔ ግን አልረሳሁትም።

በሲሙሌሽን ስንሳሳት ግን የሚጎዳ ታማሚ የለም፤ ልምምዱ እንደገና ይጀመራል። እ.ኤ.አ. በ2014 አሜሪካ ውስጥ የወጣ ጥናት በ10 የነርሲንግ ትምህርት ቤቶች 666 ተማሪዎችን ተከታትሎ ነበር። የሆስፒታል ልምምዳቸው እስከ ግማሽ ድረስ በሲሙሌሽን የተተካላቸው ተማሪዎች ከሌሎቹ አላነሱም። ሆኖም መምህራኑ የሠለጠኑ መሆን አለባቸው፤ ከልምምዱ በኋላም ቁጭ ብሎ መነጋገር ያስፈልጋል። እኔም የተማርኩት አልጋው አጠገብ ሳይሆን ክቡ ውስጥ ነው።

በዚያው ሳምንት ቤት ሄጄ «እማዬ፣ ዛሬ ታማሚ ሁኚልኝ» አልኳት። ሶፋው ላይ ጋደም አለች።

«እንደምን ዋሉ? ምን ይሰማዎታል?» አልኩ። እማዬን «እርስዎ» ብያት ስለማላውቅ ሁለታችንም ሳቅን።

«ደህና ነኝ፤ እግዚአብሔር ይመስገን» አለችኝ።

«እማዬ፣ ታመሻል እኮ!»

«ብታመምስ? መጀመሪያ ተመስገን ይባላል።»

ይህን አሻንጉሊቷ አላስተማረችኝም። እንደ እማዬ ያለ ታማሚ ከምስጋና ይጀምራል፤ ሕመሙን የሚናገረው ደግመው ሲጠይቁት ነው።

ደግሜ ጠየቅኳት። በዚያ ምሽት «ያመኛል» ብዙ ዘመዶች እንዳሉት ተማርኩ። እንደ መርፌ ሲሆን «ይወጋኛል»፣ አጥንትና መገጣጠሚያ ሲሆን «ይቆረጥመኛል»፣ እንደ እሳት ሲሆን «ያቃጥለኛል»፣ ሊያስመልስ ሲል «ያቅለሸልሸኛል» ይባላል። ሁሉንም ደብተሬ ላይ ጻፍኩ።

ከዚያ ቦታ ተቀያየርን። እኔ ተኛሁ፣ እማዬ ነርስ ሆነች። ቁጥር አልጠየቀችኝም። አጠገቤ ተቀምጣ እጄን ያዘችና «የቱ ጋ ነው ልጄ? እስቲ አሳዪኝ» አለች።

ዛሬ እማዬ ቀጠሮ ሲኖራት የሐኪም ቤቱን አስተርጓሚ እንጠይቃለን። እኔ አብሬያት እሄዳለሁ፤ ግን እንደ ልጇ ብቻ ነው።

ወደ አሻንጉሊቷ ስመለስ ወንበር ስቤ አጠገቧ ተቀመጥኩ። «የቱ ጋ ነው? ምን ምን ይልሻል?» አልኳት። ቁጥሩን የጠየቅኩት በኋላ ነው።