ፍላሹ በማን እጅ ነው?

ቄራ ከጠዋቱ 12 ሰዓት ላይ ሁለት ዓይነት ጩኸት አለ። አንደኛው «ጎፋ! ጎፋ!» የሚለው የታክሲ ረዳት ነው። ሁለተኛው እኛ ነን፤ ፎቅ ላይ፣ መስኮት ከፍተን (ንፋሱ ከበሬዎቹ በኩል ካልመጣ በስተቀር)፣ የትም የማይሄድ ብስክሌት የምንጋልብ አስራ ምናምን ሰዎች። የጂም ሰዎች «ስፒኒንግ» ይሉታል። የሰፈሩ ሰው ግን «እነዚህ ልጆች ይሄን ሁሉ ላብ የሚያፈሱት የት ለመድረስ ነው?» ይላል። ተገቢ ጥያቄ ነው።

ወደ ነገራችን እንግባ። የስፒኒንግ ግማሹ ሙዚቃ ነው። ሜዳ ላይ በደቂቃ ከ80 እስከ 110 ዙር፣ ዳገት ላይ ከ60 እስከ 80 ዙር እንረግጣለን። ዘፈኑ ከዚህ ጋር ካልገጠመ እግር ይደናበራል። ኃይሌ ገብረሥላሴን ጠይቁ! በየካቲት 1990 ዓ.ም. በርሚንግሃም ላይ የቤት ውስጥ የ2,000 ሜትር የዓለም ክብረ ወሰን ሲሰብር፣ «ስካትማን» የተባለውን ዘፈን አስከፍቶ በምቱ ነበር የሮጠው።

የእኛስ ዘፈን? «ችክችካ ለብስክሌት አይሆንም» የሚሉ አሉ። አትስሟቸው። ስድስቱን ምት ለሦስት ለሦስት ክፈሉት፤ ሁለት ትልልቅ ምት ይወጣዋል፤ ቀኝ፣ ግራ። ለፍጥነት ጉራጊኛን የሚያህል የለም። ትዝታ ለማቀዝቀዣ ነው፤ ችግሩ አንዳንዱ የሚጠርገው ላቡን ይሁን እንባውን አይለይም። ሽለላ ደግሞ ደም ያፈላል እንጂ እግር የሚከተለው ቋሚ ምት የለውም።

ይሄ ሁሉ ቀላሉ ነው። ከባዱ ፍላሹን መሙላት ነው።

ከሐጫሉ ሁንዴሳ ግድያ (ሰኔ 2012 ዓ.ም.) እና ከጥቅምት 2013ቱ ጦርነት ወዲህ ዘፈን እንደ መታወቂያ ሆነብን። ኦሮምኛ ሲከፈት አንዱ ሌላውን በዓይኑ ይጠቅሳል። ትግርኛ ሲከፈት ክፍሉ ጭጭ ይላል። አማርኛ ሲደጋገም ከኋላ ረድፍ «ሌላ ቋንቋ የለም እንዴ?» ይመጣል። አንድ ጠዋት አንዲት ልጅ መሀል ላይ ወርዳ፣ ፎጣዋን ይዛ ወጣች። ተመልሳም አልመጣች። የተከፈተው የፍቅር ዘፈን ነበር። በየትኛው ቋንቋ እንደሆነ አንነግራችሁም፤ ብንነግራችሁ ወዲያው ወገን ትለያላችሁ።

«የፈረንጅ ብቻ ይከፈት፣ ማንም አይከፋውም» ተባለ። ሁለት ሳምንት ሞከርነው። እውነትም ማንም አልከፋውም። ማንም ግን አልጮኸም፣ አላጨበጨበም። ከሁላችንም በዕድሜ የሚበልጡት እትዬ «ይሄ ዘፈን እግሬን እንጂ ሆዴን አይነካውም» አሉን።

እናም አዲስ ደንብ አወጣን። እያንዳንዱ ሰው አንድ ዘፈን ያመጣል፤ ቋንቋው አይጠየቅም። ሁለት ነገር ብቻ ይታያል፤ ምቱ ይገጥማል ወይ? ማንንም ይሰድባል ወይም ለጦርነት ይጠራል ወይ? በሁለተኛው ጥያቄ ከየአቅጣጫው ብዙ የተወደዱ ዘፈኖች ወደቁ። ያኮረፈም አለ፣ ገብቶታል ግን። እትዬ ያመጡት ጥላሁን ገሠሠን ነው፤ ያውም በኦሮምኛ የዘፈነውን። የማይችሉትን ቋንቋ በልጅነት ከሬዲዮ እንደሸመደዱት ሲዘፍኑት፣ ያ በዓይን መጠቃቀስ ለጊዜው ጠፋ።

ደንቡ ሁሉን ነገር አላስተካከለም። አሁንም አንዳንዴ ዘፈን ሲቀየር ትከሻ ሲከብድ ይታያል። ግን ማንም አይወርድም። ለዚያች ልጅም በሰው በኩል ልከንባታል፤ የሷ አንድ ዘፈን ቦታው ክፍት ነው፣ የፈለገችውን ይዛ ትምጣ።