ክብደት የሚያልቅበት ከፍታ

ከሐርቡ ደሴ ለመድረስ አንድ ሺህ ሜትር ያህል ሽቅብ መውጣት አለ። ሳሙኤል ጆንሰን እ.ኤ.አ. በ1759 ባሳተመው «ራሴላስ» ውስጥ ያለ አንድ ሊቅ ትክክል ከሆነ፣ ይህን ያህል የወጣ ሰው ቀለል ሊለው ይገባል። ሊቁ የሚኖረው ጆንሰን «የአማራ መንግሥት» ባለው ሸለቆ ነው፤ ክንፍ ይሠራል። ለልዑሉ ለራሴላስ የሚያስረዳውም እንዲህ ነው፦ ከመሬት መነሣቱ ጉልበት ይፈጃል፤ ከፍ በተባለ ቁጥር ግን የመሬት ስበት ይላላል፤ በስተመጨረሻ ሰው ሳይደክም የሚንሳፈፍበት፣ ልውደቅ ቢል እንኳ የማይወድቅበት ቦታ ይደረሳል። ጭነት ይዞ የሐረጎን ዳገት የወጣ የአይሱዙ ሹፌር አግኝቶ ቢጠይቅ ኖሮ ክንፉን ባልጀመረው።

*

ጆንሰን አገራችንን አላየም። የኢየሱሳውያን ሚሲዮናዊ ጀሮኒሞ ሎቦ የጻፈውን የጉዞ ታሪክ ከፈረንሳይኛ መልሶ እ.ኤ.አ. በ1735 አሳትሟል፤ ስንቁ ይህ ነበር። የራሴላስ ስም የአፄ ሱስንዮስ ወንድም የራስ ስዕለ ክርስቶስ ስም ተቆርጦ የቀረው ነው። በልቦለዱ መሳፍንቱ የሚታገቱበት ቦታም የግሸን አምባ ወሬ ነው። ነገር ግን ግሸን ዙሪያው ገደል የሆነ አምባ ነው፤ የነገሥታቱ ልጆች የተጠበቁት ከላይ ነበር። በልቦለዱ ተራራው ዙሪያውን ቆሞ ልጆቹ ከታች ሸለቆ ውስጥ ገቡ። ላይና ታች በተገለበጠበት አገር የስበት ሕግ ቢዛባ ምን ይገርማል? (ሲራክ ኅሩይ መጽሐፉን ወደ አማርኛ መልሶታል። ከለንደን የተላከ ወሎን የወሎ ቋንቋ አላብሶ መመለስ እንዴት ያለ ሥራ እንደነበር እሱ ያውቃል።)

*

ዓመት ከተደከመበት በኋላ ሊቁ ክንፉን አጥልቆ ሐይቁ ላይ ከተደፋ ቋጥኝ ዘለለ። ወዲያው ወደቀ። አየር ላይ ያልሠራው ክንፍ ውሃው ላይ ደግፎ አቆየውና ልዑሉ በድንጋጤ ግማሽ ሬሳ የሆነውን ሊቅ ጎትቶ አወጣው። ጆንሰን እዚህ ላይ ይስቃል፤ አንባቢም አብሮ ይስቃል። እኔ ግን ሊቁን ተሟጋች አጥቶ ማየት አልወድም።

ስበት ከፍታ ሲጨምር በእርግጥ ይቀንሳል። ሐርቡ ላይ አንድ ኩንታል የሆነ ማሽላ ደሴ ሲደርስ የሚቀልለው ግን ቢበዛ ሠላሳ ግራም ያህል ነው፤ ያንንም የሚያሳየው የሞላ ሚዛን ብቻ ነው። በድንጋይ የሚመዝን ነጋዴ ምንም አያይም፤ ማሽላው ሲቀልል ድንጋዩም እኩል ቀልሏልና። ጫኝና አውራጁ ደግሞ ጭራሽ ተቃራኒውን ይምላል። ደሴ ላይ አየሩ ስለሚሳሳ ያው ኩንታል ትንፋሹን ቶሎ ይቆርጠዋል። ስበቱ ቀንሷል፤ ሸክሙ ከብዷል። ትከሻና ፊዚክስ የሚለያዩት እዚህ ጋ ነው።

*

ዛሬ አራት መቶ ኪሎ ሜትር ከፍታ ላይ በሚዞረው የጠፈር ጣቢያ ሰዎች ሲንሳፈፉ እናያለን። ብዙ ሰው እንደ ሊቁ ያስባል፦ እዚያ ስበት የለም ይላል። አለ። ከምድር ገጽ ዘጠኝ አሥረኛው ያህል እዚያም አለ። የሚንሳፈፉት ጣቢያውም እነሱም ያለማቋረጥ አብረው እየወደቁ ስለሆነ ነው፤ ወደ ጎን የሚከንፉበት ፍጥነት ምድርን እንዲስቱ ያደርጋቸዋል እንጂ መውደቁስ መውደቅ ነው።

ስለዚህ ያ ምስኪን ከቋጥኙ እስከ ሐይቁ ባለችው አፍታ የተመኘውን አግኝቷል። ለዚያች አፍታ ክብደት አልነበረውም። ደንግጦ አላስተዋለም።

*

ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ ስንወርድ ከፊታችን ያለው መኪና ፍሬን ሸተተ። የተሳፋሪው ሁሉ እጅ ወደ አፍንጫው ሄደ። «አብሽሩ፣ በከባድ ማርሽ ነው የምንወርደው» አለ ረዳቱ። አሥር ቶን የሚመዝን መኪና ያንን ስድስት መቶ ሜትር ገደማ ቁልቁለት ሲወርድ የሚለቀው ጉልበት አንድ በርሜል ቀዝቃዛ ውሃ ለማፍላት ይበቃል። ሞተሩ ካልያዘው ያ ሁሉ እሳት ፍሬን ላይ ያርፋል። ጆንሰን ሽታውን አያውቅም፤ በልቦለዱ ሸለቆ ቁልቁለት የሚወርድ ጭነት የለም።

*

ክንፉ ከከሸፈ በኋላ ልዑሉ በመጨረሻ ከሸለቆው ያመለጠው ሽኮኮዎች ተራራ ሲቦረቡሩ አይቶ፣ እንደ እነሱ ሽቅብ እየቆፈረ ነው። የእኛ ሽኮኮ አይቆፍርም፤ የተዘጋጀ የዓለት ስንጥቅ ፈልጎ ይገባል።

*

ከክንፉ ይልቅ እኔን የሚይዘኝ በኋላ ካይሮ ላይ የሚመጣው የከዋክብት ተመራማሪ ነው። አንድ ቀን በደቡብ ተራሮች ላይ ዝናብ እንዲወርድና ዓባይ እንዲሞላ አዘዘ፤ ሰዓቱን ቢያሰላው ወንዙ ሞልቷል። ከዚያ ወዲህ አምስት ዓመት የፀሐይና የዝናብ ሹም እኔ ነኝ ብሎ በጭንቀት ኖረ። ነፋስ ብቻ እንዳልታዘዘለት ያምናል። የምድርን ዘንግ ላዘንብል ብሎም አስቦ ነበር፤ አንዱን አገር የጠቀመ ሌላውን እንደሚጎዳ ሲያይ ተወው።

እነዚያ የደቡብ ተራሮች የእኛ ናቸው። የ1966ቱን ረሃብ የሚያስታውስ ሽማግሌ ባለበት በቃሉ ወረዳ ዝናብ ሲዘገይ ዱዓ ይደረጋል፤ የሚለምን አለ፣ የሚያዝ አልሰማሁም። ተመራማሪው ካርታ ቢኖረው ደግሞ የሚያየው ነገር ነበር። ከደሴ በስተምዕራብ የሚጥለው ዝናብ በበሽሎ በኩል ዓባይ ገብቶ ካይሮ ድረስ ይወርድለታል። በዚህ በምሥራቅ በኩል የሚጥለው ግን የሚገባው ቦርከና ነው፤ በኮምቦልቻና በሐርቡ አድርጎ አዋሽን ይቀላቀላል፤ አዋሽም ባሕር ሳያይ አፋር ውስጥ አቤ ሐይቅ ላይ ያልቃል። በአምስት ዓመት ሹመቱ ስለዚህኛው ውሃ አንድም ትእዛዝ አልሰጠም።