የመንዝ በግ፣ የድሬዳዋ እሳት

በቤታችን ፋሲካ ሁለት ወጥ ነበረው። ሌሊት ከቤተ ክርስቲያን መልስ የምንፈስክበት ዶሮ ወጥ ነው፤ እሱን ሁሉም ያመሰግነዋል። እኔ የምጠብቀው ግን የእሑድ ቀኑን፣ የበጉን ቀይ ወጥ ነበር። ዶሮውን አያቴ እምዬ ቅዳሜ ጾም ላይ ሆነው ስለሚሠሩት አይቀምሱትም፤ ጨው ማነሱን የሚያውቁት በሽታው ነው። የእሑዱ ግን ይቀመሳል፤ ቀማሹም እኔ ነበርኩ። እምዬ በማማሰያው ጫፍ ጨለፍ አድርገው መዳፌ ላይ ጠብ ያደርጉልኛል። እፍ እፍ ብዬ እልሳለሁ። “እህ?” ይላሉ ዓይን ዓይኔን እያዩ። በስምንት ዓመቴ ከዚህ የሚበልጥ ሹመት አልነበረኝም።

ያደግሁት ደብረ ብርሃን ነው። በጉ ከመንዝ የመጣ ሙክት ነበር፤ ጠጉሩ ጥቅጥቅ ያለ፣ ላቱ ጫፉ ላይ ወደ ላይ እጥፍ ያለ። ከዚያ ጠጉር በርኖስና ዝተት ይሠራል፤ ለብርዱ የተፈጠረ በግ ነው። አባቴ በማለዳ ያርዳል፣ ዱለቱ ለቁርስ ይደርሳል፣ ጎድኑ ከነአጥንቱ ለወጥ ይለያል። ከዚያ በኋላ የእምዬ ጊዜ ነው።

የእኔ ሥራ ኩበት መጨመር ነበር። የባሕር ዛፍ እንጨት ደጃፋችን ላይ ተቆልሎ ሳለ እምዬ ለወጥ አያስነኩም፤ ቦግ ብሎ ይጠፋል፣ ኩበት ግን ዝግ ብሎ ይነዳል ይላሉ። ሽንኩርቱ ደቆ ይከተፋል፤ ብዛቱ ሥጋውን ሊያክል ምንም አይቀረው። ዘይትም ቅቤም ሳይነካው ሸክላ ድስት ውስጥ ይገባና ውሃውን እስኪጨርስ ይማሰላል። መጀመሪያ ዓይን ያቃጥላል፤ ቆይቶ ሽታው ወደ ጣፋጭ ይዞራል። ቅቤውና በርበሬው የሚገባው ያኔ ነው። ከዚያ ውሃ ጠብ እያደረጉ ማቁላላት፣ ደግሞ ጠብ፣ ደግሞ ማቁላላት። የጥሬ በርበሬው ሽታ ጠፍቶ ቀለሙ ወደ ጠይምነት እስኪያደላ እምዬ ከጉልቻው አይነሱም። ሰው ቢጠራቸው እንኳ አይሰሙም። የበግ ወጥ ጣዕሙ ከሥጋው ነው የሚል ሰው ይህን ሰዓት አላየም። እኔ ዛሬም ቢሆን ከሽንኩርቱ ነው እላለሁ።

ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል ይከተላል፤ ዝንጅብሉ የበጉን ጠረን እንዲሰብር በዛ ይላል። ሥጋው ገብቶ ለብለብ ሲል ፍል ውሃ ይጨመራል፤ ቀዝቃዛ ውሃ ሥጋ ያደነድናል ብለው አያስጠጉም። ከዚያ ወጡ ይንተከተካል፣ እኔ ኩበት እጨምራለሁ፣ የአባቴን የእጅ ሰዓት አያለሁ። 3 ሰዓት ላይ የተጣደው 6 ሰዓት ላይ ይወርዳል። ኮረሪማው፣ ጥምዙና ቁንዶ በርበሬው ያለበት መከለሻ የሚነሰነሰው ሊወርድ ሲል ነው። መዳፌ ላይ ጠብ የሚልልኝም ያኔ ነው።

ታዲያ ቶሎ መብላት ነበረብን። በደብረ ብርሃን ብርድ የበግ ሞራ ዝም ብሎ አይቆይም፤ ጨዋታ ከበዛ እንጀራው ዳር ላይ ነጭ ሆኖ ይረጋል። “ብሉ እንጂ ልጆቼ፣ ሳይረጋ!” የሚለው የእምዬ ድምፅ ለእኔ የፋሲካ ድምፅ ነው።

በ1988 ዓ.ም. ለሥራ ድሬዳዋ ተመደብኩ። ለፋሲካ አገሬ መግባት ስላልቻልኩ ከሁለት ባልደረቦቼ ጋር በግ ገዛን። ጭንቅላቱ ጥቁር፣ ገላው ነጭ፣ ጠጉሩ አጭር፣ ስቡ መቀመጫው ላይ የተከማቸ፤ የሶማሌ በግ ነው። ሽንኩርቱን ከከፊራ ገበያ አመጣሁ፣ ከሰሉን አቀጣጠልኩ፣ እምዬ እንደሚያደርጉት ጉልቻው አጠገብ ተቀመጥኩ።

ከአጥሩ ወዲያ “አንተ ልጅ፣ አረረብህ!” የሚል ድምፅ መጣ። ጎረቤቴ ነበረች። ከሰል ኩበት አይደለም፤ ከታች ይፋጃል። በትልቅ ሴት ወግ “እርስዎ” ብዬ ሳመሰግናት ሳቀች፤ “እርስዎ የሚባል ሰው እዚህ የለም፣ አንቺ በለኝ” አለችኝ። ድሬዎች እንዲህ ናቸው፣ ታላቅም ታናሽም አንተና አንቺ ነው። እሷ ሙስሊም፣ እኔ ክርስቲያን፤ የእኔን እርድ አትቀምስም። ቢሆንም ገብታ በርጩማ ስባ ተቀመጠች። ያረረውን አስጥላ አዲስ ሽንኩርት አስከተፈችኝ፣ ከሰሉንም በአመድ አዳፈነችልኝ። ሽንኩርቱ መልኩን እስኪይዝ አብራኝ ቆየች። የማትበላውን ወጥ እንዲያ የጠበቀችልኝን ሴት እስከ ዛሬ አልረሳም።

ሥጋውን ግን ራሴ አበላሸሁት። የአባቴን ሰዓት አስታውሼ ሦስት ሰዓት ሙሉ ጣድኩት። ስከፍተው አጥንቱ ራቁቱን ቀርቷል፤ ሥጋው ተበታትኖ መረቁ ውስጥ ሟሙቷል። ያኔ የፊዚክስ አስተማሪያችን ያሉን ትዝ አለኝ። ደብረ ብርሃን ከባሕር ጠለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ናት፤ ውሃ እዚያ 100 ዲግሪ ሳይደርስ፣ 90 አካባቢ ላይ ይፈላል። 1,200 ሜትር ገደማ ላይ ባለችው ድሬዳዋ ግን 96 አካባቢ ነው። የእምዬ ወጥ ሲፈላ እንኳ ከእኔው ይቀዘቅዝ ነበር ማለት ነው። እኔ ይዤ የመጣሁት የደጋ ሰዓት ነው።

ክረምት ላይ ስገባ ለእምዬ ነገርኳቸው። ዲግሪውን አልሰሙኝም። “በሰዓት አብስል ያለህ ማነው?” አሉኝ። ከዚያ ጎድን አንስተው አሳዩኝ፤ ሥጋው ከአጥንቱ ጫፍ አንድ ጣት ያህል ሲሸሽ ወጡ ደርሷል። ለካ ያን ሁሉ ዓመት እኔ እሳቱንና ሰዓቱን ሳይ እሳቸው አጥንቱን ያዩ ነበር።

በድሬዳዋ ሙቀት ሞራው አይረጋም፤ ቀይ ዘይት ሆኖ ከላይ ይሰፍፋል። ስለዚህ በሚቀጥለው ዓመት ስቡን ገፍፌ አስቀረሁ፣ ቅቤውን ቀነስኩ፣ ሰዓቴን አውልቄ መደርደሪያ ላይ አስቀመጥኩ። ሁለት ሰዓት ሳይሞላ ወረደ።

በመጪው በዓል በግ የምትጥዱ ሁሉ፣ ደጋም ሁኑ ቆላ፣ በሽንኩርቱ አትቸኩሉ፣ አጥንቱንም እዩት። መከለሻውን ስትነሰንሱ ደግሞ አንድ ልጅ ጥሩና መዳፉ ላይ ጠብ አድርጉለት።