ቅጥር የሌላት አበባ

ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንድ ስርቆቴ ነው። ባትስቁብኝ።

በ2010 ዓ.ም. ለትምህርት ደቡብ ጀርመን፣ ቱቢንገን ከተማ ነበርኩ። በሰኔ ወር አንድ እሁድ ብቻዬን ወደ ሽቬቢሽ አልፕ ተራሮች ወጣሁ። ቡኸ በሚሏቸው ረጃጅም ዛፎች ጥላ ሥር፣ ከአንድ ትልቅ ድንጋይ አጠገብ አንዲት የዱር ሊሊ ቆማለች። ቁመቷ እስከ ወገቤ ይደርሳል። ቅጠሎቿ ግንዷን ክብ ሠርተው ከበውታል። ወይን ጠጅ የቀላቀለው ሮዝ አበባዋ ጠቃጠቆ አለበት፤ ቁልቁል አቀርቅሮ ጫፉ ወደ ላይ ተጠቅልሏል። የቄስ አጎቴን ጥምጥም መሰለችኝ። ለካስ ጀርመኖቹም «የቱርክ ጥምጥም» ነው የሚሏት! በሳይንስ ስሟ ሊሊየም ማርታጎን ናት፤ ከፖርቱጋል እስከ ሞንጎሊያ ትበቅላለች።

እናቴ «ያለህበት አገር አበባው ምን ይመስላል?» ብላኝ ነበር። አድርቄ ልልክላት ብዬ ከነቅጠሏ ቆረጥኳት።

ቤት ወስጄ ብርጭቆ ውስጥ አቆምኳት። ለካ የእሳት እራት የምትጠራው በሽታዋ ኖሮ፣ ሲመሽ ቤቱን አወደችውና አጋለጠችኝ። አከራዬ፣ አሮጊት ናቸው፣ በሩን አንኳኩ።

«ይህቺ እኮ በሕግ የተጠበቀች ናት» አሉኝ። አልተቆጡም። ቁጭ ብለው አስረዱኝ። ዘሯ መጀመሪያ አፈር ውስጥ ትንሽ፣ ሽንኩርት መሳይ ሥር ብቻ ነው የሚሠራው። ከላይ ምንም አይታይም። ቅጠል የምታወጣው ብርዱ ካለፈ በኋላ ነው፤ ለማበብ ደግሞ አምስትም ስድስትም ዓመት፣ አንዳንዴም ከዚያ በላይ ይፈጅባታል። ቅጠሏ ከተቆረጠ ሥሯ የከርሞ ስንቁን ያጣል።

አፈርኩ። ያሳፈረኝ ግን ሕጉ አልነበረም። እኔ እኮ ደብር ጥግ ያደግሁ ልጅ ነኝ! ከቤተ ክርስቲያናችን ጫካ የወደቀ ጭራሮ እንኳ አንስቼ አላውቅም። ጽዱንና ወይራውን የምወድ ይመስለኝ ነበር። ለካ ስፈራ የኖርኩት ቅጥሩን ነው። ቅጥርም ደወልም የሌለበት ጫካ ስገባ እጄ ለአፍታ እንኳ አላመነታም።

በዓመቱ፣ በሰኔ 2011፣ ወደዚያው ተመለስኩ። በድንጋዩ ምልክት አገኘኋት። ጥቂት ቅጠል አውጥታለች፤ አበባ የላትም። አጠገቧ ትንሽ ተቀምጬ ወረድኩ።

የደረቀችው አበባ እስካሁን መጽሐፌ ውስጥ ናት። እናቴ በጠየቀችኝ ቁጥር «አበባቸው ደስ ይላል» ብቻ እላታለሁ። ለእናንተ ነገርኳችሁ፤ ለእሷ ግን ገና አልነገርኳትም።